ጠግቦ የሚራብ ወፍ

ላቭበርድ በቤታችን ምን ይብላ?

በመናገሻ ሱባ ደን፣ ማለዳ ላይ፣ መጀመሪያ የሚደርሰው ድምፃቸው ነው። ቀጭንና ጥድፊያ የበዛበት ጩኸት ከወደ ላይ ይሰማል፤ ወዲያው አንድ ትንሽ መንጋ በዛፎቹ አናት ላይ ተምዘግዝጎ ያልፍና አንድ ትልቅ የሐበሻ ጥድ ላይ ያርፋል። ካረፉ በኋላ ከቅጠሉ መለየት ይቸግራል፤ ገላቸው አረንጓዴ ነው። ዐይን ሲለምድ ቀይ ምንቃር ይታያል፤ የወንዶቹ ግንባርም ቀይ ነው። ምንቃራቸውን እየተደገፉ ከቅርንጫፍ ወደ ቅርንጫፍ ይንጠላጠላሉ። የጥዱን ፍሬ ለቀም አድርገው ያገላብጡታል፤ ልጣጩን ይጥላሉ፣ ዘሩን ይሰብራሉ። ጥቂት ቀምሰው ይነሳሉ፤ በአቅራቢያው ያፈራ ሾላ ወይም ዋርካ ካለ ወደዚያ ይሻገራሉ።

ይህ ወፍ ጥቁር ክንፍ ላቭበርድ ይባላል። በተፈጥሮ የሚኖረው በኢትዮጵያና በኤርትራ ከፍታዎች ብቻ ነው፤ ከባሕር ጠለል በላይ ከ1300 እስከ 3200 ሜትር ባለው ምድር። ለሳይንስ ዓለም የተዋወቀው በ1814 ሲሆን፣ ሳይንሳዊ ስሙን ያገኘው ኤርትራ ውስጥ ካለው የታራንታ መተላለፊያ ነው። አዲስ አበባ ውስጥም ዛፍ በበዛበት ግቢ ይታያል። ላቭበርድ ከበቀቀን ወገን ሲሆን ዘጠኝ ዝርያ አለው፤ ስምንቱ በአፍሪካ ዋና ምድር፣ አንዱ በማዳጋስካር ይገኛሉ። የእኛው በአካል ከሁሉም ይበልጣል፤ ያም ሆኖ ርዝመቱ 16 ሴንቲ ሜትር ገደማ ነው።

በየቤቱ በኬጅ የሚያድጉት በአብዛኛው የእሱ ዘመዶች ናቸው። አንደኛው ፊቱ ፅጌረዳማ የሆነው የናሚቢያና የአንጎላ ወፍ ነው። ሌሎቹ ሁለቱ፣ ብርቱካንማ ፊት ያለው የፊሸር ላቭበርድና ጭንቅላቱ የጠቆረው ዝርያ፣ የታንዛንያ ናቸው። መልካቸው ቢለያይም ሆዳቸው የተሠራው ለአንድ ዓይነት ኑሮ ነው፤ ቀኑን ሙሉ እየተዘዋወሩ ዘር፣ ፍሬ፣ እምቡጥና ቅጠል ለመልቀም። በዱር ያለው የሚበላውን ራሱ ይፈልጋል። ለኬጁ ወፍ ግን የምንመርጥለት እኛ ነን። ሲታመም አብዛኛውን ጊዜ ችግሩ የሚጀምረውም እዚሁ ምርጫችን ላይ ነው።

ገለባና ፍሬ

አዲስ አበባ ውስጥ አንድ ኮንዶሚኒየም ቤት ገብተናል። በረንዳው አጠገብ ሁለት የፊሸር ላቭበርዶች ያሉበት ኬጅ ተሰቅሏል። ወፎቹ ዝም ብለዋል፤ አንዷ ላባዋን ነፍታ ተቀምጣለች። የቤቱ ልጅ የአሥር ዓመት ገደማ ናት።

«ምግብ ሰጥተሻቸዋል?» አሏት አያቷ።

«አዎ እማማ፣ ይኸው ሙሉ ነው።»

አሮጊቷ ዕቃውን ከኬጁ አወጡና እፍ አሉበት። ከላይ ያለው ሁሉ ተነሥቶ በረንዳው ላይ ተበተነ። ከሥር የቀረው ጥቂት ፍሬ ብቻ ነበር።

«ልጄ፣ ይሄ እኮ ገለባ ነው» አሉ።

እህል ሲያነፍሱ ያደጉ ሰው ስለሆኑ ለማየት ጊዜ አልፈጀባቸውም። ላቭበርድ ዘሩን ሳይፈለፍል አይውጥም። ፍሬውን በልቶ ልጣጩን እዚያው ዕቃው ላይ ይጥለዋል፤ ልጣጩ ደግሞ ቀላል ስለሆነ ከላይ ይከማቻል። ከሩቅ ለሚያይ ዕቃው ያልተነካ ይመስላል። ወፉ ከ40 እስከ 60 ግራም ብቻ የሚመዝን፣ ሰውነቱ ግን ያለ ዕረፍት ጉልበት የሚያቃጥል ፍጡር ነው፤ አንድ ቀን ሙሉ ያለ ምግብ መዋል ለሕይወቱ ያሰጋዋል። ስለዚህ የመጀመሪያው ደንብ ቀላል ነው፦ በየጠዋቱ ገለባውን እፍ በሉ፣ የቀረውን አይታችሁ ሙሉ።

ይህ በዐይን የሚታየው ረሀብ ነው። የማይታይም አለ፤ ያኛው የሚመጣው ዕቃው በእውነት ሞልቶ ሳለ ነው።

የሚወደውና የሚያስፈልገው

በቤታችን የተለመደው ምግብ የእህል ድብልቅ ነው፤ የፈረንጅ ሱፍ፣ ማሽላ፣ ዳጉሳና ሌላም የተገኘ ዘር። ድብልቁ ሲቀርብለት ላቭበርድ እኩል አይበላም። ሱፉን እየመረጠ ያወጣል፤ እሱን ሳይጨርስ ወደ ሌላው አይሄድም። የተፈለፈለ የፈረንጅ ሱፍ ከክብደቱ ግማሽ ያህሉ ስብ ነው። ዱር ውስጥ ረጅም መንገድ ለሚበር ወፍ ስብ ያለበት ዘር ትልቅ ሲሳይ ነው። ከመቆሚያ እንጨቱ ወደ ምግብ ዕቃው ሁለት ስንዝር ለሚራመደው ግን ትርፉ ጉበቱ ላይ ይቀመጣል። ወፉ ይወፍራል፣ መብረር ይታክተዋል፤ ጉበቱ በስብ ይሞላል።

የዘር ችግሩ በስብ ብቻ አያበቃም። ዘር በቫይታሚን ኤ ድሃ ነው። ካልሲየሙ ትንሽ፣ ፎስፈረሱ ብዙ ነው፤ ፎስፈረስ ሲበዛ ደግሞ ሰውነት ያችኑ ጥቂት ካልሲየም በሚገባ እንዳይጠቀምባት ያደርጋል። ቫይታሚን ዲ የለውም ማለት ይቻላል፤ አዮዲንና ፕሮቲንን የሚሠሩ አንዳንድ ንጥረ ነገሮችም ይጎድሉታል።

የጉድለቱ መልክ ቀስ ብሎ ነው የሚወጣው። ቫይታሚን ኤ የአፍን፣ የአፍንጫንና የመተንፈሻ አካልን የውስጥ ሽፋን ጤናማ አድርጎ የሚያቆይ ነው። ሲያንስ ሽፋኑ ይደርቃል፣ ይወፍራል፤ ለጀርም በር ይከፈታል። ወፉ ያስነጥሳል፣ ከዐይኑ ሥር ያብጣል፣ አፉ ውስጥ ነጭ ነገር ይታያል። ባለቤቱ ብርድ የመታው ይመስለውና ኬጁን በጨርቅ ይሸፍናል፤ ወፉን የጎዳው ግን ለወራት አንድ ዓይነት ምግብ መብላቱ ነው።

የካልሲየም እጥረት ብዙውን ጊዜ የሚገለጠው በሴቷ ላይ ነው። ሴት ላቭበርድ ወንድ ባይኖርም እንቁላል ትጥላለች፤ በአንድ ዙርም ከአራት እስከ ስድስት ልትጥል ትችላለች። ለቅርፊቱ የሚሆነው ካልሲየም ከምግቧ ካልመጣ ከአጥንቷ ይወሰዳል። ጡንቻዋም አቅም ያጣና እንቁላሉ ሆዷ ውስጥ ሊቀር ይችላል። ላባዋን ነፍታ ኬጁ ወለል ላይ ቁጭ ያለች፣ የምታምጥ ሴት ወፍ ካያችሁ ነገ ይሻላታል አትበሉ፤ በዚያው ሰዓት ወደ እንስሳት ሐኪም ውሰዷት።

መድኃኒቱ ከጉሊት

ደግነቱ ለዚህ ሁሉ የሚሆነው ምግብ ከውጭ የሚመጣ አይደለም። በየሰፈሩ ጉሊት ላይ ተዘርግቶ ይውላል።

«ለወጥ ነው?» ትላለች ጎመን ሻጯ፣ ሁለት ቅጠል ብቻ የጠየቀችውን ልጅ በጥርጣሬ እያየች።

«አይ፣ ለወፍ ነው።»

«እንግዲያው ይሄን ለጋውን ውሰጂ፣ የኔ እናት።»

ልጅቷ ጎመን መምረጧ ልክ ነው። የሐበሻ ጎመን ለላቭበርድ ከሚቀርቡት ቅጠሎች ሁሉ ቀዳሚው ሊሆን ይገባል፤ ሰውነት ወደ ቫይታሚን ኤ የሚለውጠው ካሮቲን አለው፣ ካልሲየምም አለው። ቆስጣም ጥሩ ነው፤ ነገር ግን ካልሲየምን አስሮ የሚይዝ ኦክሳሌት የሚባል ነገር ስላለበት በየቀኑ ከማቅረብ አልፎ አልፎ መስጠት ይሻላል። ሰላጣ አብዛኛው ውኃ ስለሆነ ወፉን ደስ ያሰኘዋል እንጂ ብዙም አይገነባውም።

ካሮት፣ ዱባና ውስጡ ብርቱካንማ የሆነ ስኳር ድንች በካሮቲን የበለጸጉ ናቸው። ካሮቱ ተፈቅፍቆ፣ ዱባውና ስኳር ድንቹ ያለ ጨውና ያለ ዘይት ተቀቅለው ይቀርባሉ። ፎሶሊያ፣ ብሮኮሊ፣ ዝኩኒና ቀይ ሥርም ይሆናሉ። ቀይ ሥሩን የበላ ወፍ ኩሱ ቢቀላ አትደንግጡ፤ የምግቡ ቀለም ነው።

ቃሪያና በርበሬን ሰው ለወፍ መስጠት ይፈራል፤ ፍርሃቱ መሠረት የለውም። እኛን የሚያቃጥለው ንጥረ ነገር በወፍ ነርቭ ላይ አይሠራም። ዱር ውስጥም የበርበሬን ዘር የሚበትኑት ወፎች ናቸው። የበሰለ ቀይ ቃሪያ ተሰንጥቆ ቢሰጠው ላቭበርድ ዘሩን አንድ በአንድ ይለቅማል፤ በዚያውም ብዙ ቫይታሚን ያገኛል።

ፍራፍሬ በመጠን ይሁን። ማንጎ፣ ፓፓያና ዘይቱን ከአውራ ጣት ጥፍር ባልበለጠ ቁራጭ ይበቃሉ፤ ስኳራቸው ብዙ ነው። ፖም ሲሰጥ ዘሩ ይውጣ፤ የፖም ዘር ሲሰበር ሳያናይድ የሚያመነጭ ነገር አለበት፣ ላቭበርድ ደግሞ ዘር ሰባሪ ነው።

ለእህሉ ሕይወት መስጠት

እህልን ከነጭራሹ መከልከል አያስፈልግም። የሚያስፈልገው መምረጥና መለወጥ ነው። ዳጉሳ ከእህል ወገን በካልሲየም የታወቀ ነው፤ በ100 ግራም ውስጥ ከ300 ሚሊ ግራም በላይ ይይዛል፤ መጠኑም ለላቭበርድ ምንቃር ይመቻል። ማሽላም ስቡ ትንሽ ስለሆነ የድብልቁ ዋና ክፍል መሆን ይችላል። ጤፍ ለመፈልፈል እጅግ ደቃቅ ነው፤ ያለ ቅቤና ያለ ጨው በውኃ ብቻ ተቀቅሎ ከተከተፈ ጎመን ጋር ቢለወስ ግን ይበላል።

ኑግ ሌላ ታሪክ አለው። ከአገራችን ወጥቶ አሜሪካ የሚደርሰው ኑግ አብዛኛው ግቢ ውስጥ ለሚመጡ የዱር ወፎች ምግብነት ይውላል። እዚያ የምትኖሩ አንባቢዎች በወፍ ምግብ መደርደሪያ ላይ «ናይጀር» ተብሎ ያያችሁት ጥቁር ዘር የእናንተው ኑግ ነው። ወፎች አብዝተው ይወዱታል፤ ዘይቱ ግን ብዙ ነውና ለኬጅ ወፍ በቁንጥር ይሰጥ። የፈረንጅ ሱፍም እንዲሁ፤ ዕቃ ውስጥ ከሚጨመር ይልቅ ወፉን እጅ ለማላመድ አንድ አንድ ፍሬ እየተደረገ ቢሰጥ ጥቅሙ ይበልጣል።

ደረቁን እህል ወደ ተሻለ ምግብ የሚለውጠው ጥበብ ደግሞ በየቤታችን አለ። ለጠላ ብቅል የምናበቅል፣ በጾም በቆልት የምንበላ ሰዎች ነን። ዘር ማቆጥቆጥ ሲጀምር ስብና ስታርቹን ለዕድገቱ ይጠቀምበታል፤ ቫይታሚኑ ይጨምራል፣ ለመፈጨትም ይቀላል። ምስር፣ ማሾ፣ ስንዴ ወይም ማሽላ ለአንድ ሌሊት ይዘፈዘፍ፤ ከዚያ ውኃው ተንጠፍጥፎ በወንፊት ላይ ይቀመጥ፤ ጠዋትና ማታ በንጹሕ ውኃ ይታጠብ። ነጭ ጫፉ ብቅ ሲል ይሰጣል። ከሸተተ ወይም ካሟለጨ ይጣል፤ ሻጋታ ለትንሽ ወፍ መርዝ ነው። ባቄላና ቦሎቄ ግን ጥሬውን አይሰጡም፤ በደንብ መብሰል አለባቸው።

ይህ መንገድ የእህሉንም ዕድሜ ያሳያል። ከዘፈዘፋችሁት አብዛኛው ካልበቀለ የገዛችሁት አሮጌ ነው። አሜሪካ የገባ ኑግ ብቻ በዚህ አይፈተንም፤ የአረም ዘር ይዞ እንዳይገባ በሙቀት ስለሚታከም አይበቅልም።

ፔሌት የሚባለው በፋብሪካ የተመጣጠነ የበቀቀን ምግብ ለሚያገኝ ሰው ሥራው ይቀልለታል። እያንዳንዱ ፍሬ አንድ ዓይነት ስለሆነ ወፉ የሚወደውን ብቻ መርጦ መብላት አይችልም። ፔሌት ካለ ከዕለት ምግቡ ከግማሽ በላይ ይሁን፤ አትክልቱ ሩቡን ያህል ይያዝ፤ እህሉ ለማበረታቻ ይቅር። ከሌለ ደግሞ እህሉ ከግማሽ አይብለጥ፤ የቀረውን አትክልትና የበቀለ ዘር ይሙላው። በሳምንት አንድ ሁለት ጊዜ በጣት የተቆነጠረ ቅቅል እንቁላል ይጨመርበት። የእንቁላሉን ቅርፊትም አትጣሉት፦ ታጥቦ፣ ፈልቶ፣ ደርቆና ደቅቆ ሲቀርብ ርካሽ የካልሲየም ምንጭ ነው። ካልሲየሙ ሥራ ላይ እንዲውል ቫይታሚን ዲ ያስፈልጋል፤ እሱን ወፉ ራሱ ከፀሐይ ይሠራዋል። የመስኮት መስተዋት ግን የሚፈለገውን ጨረር ያስቀረዋል፤ ስለዚህ ኬጁ ጠዋት ጠዋት በረንዳ ላይ ይውጣ፣ ግማሹ ጥላ ይሁን፣ ሰውም አጠገቡ ይኑር።

ሳሎን ውስጥ ያለ አደጋ

እሑድ ከሰዓት ነው፤ ቡና ተፈልቷል። ፈንዲሻው በሰፌድ ቀርቧል፣ ዕጣኑ ይጨሳል፣ ልጆቹ አቮካዶ ጁስ ይዘዋል። ኬጁ እዚያው ጥግ ላይ ነው፤ ወፉም የቤቱ ሰው ነውና ሁሉም ያጎርሰዋል። በፍቅር የተሞላ ሰዓት ነው፤ ለላቭበርዱ ግን ከሳምንቱ ሁሉ አደገኛው ሊሆን ይችላል።

አቮካዶ ዋናው ነው። ፐርሲን የሚባል መርዝ አለበት፤ የወፍን የልብ ጡንቻ ይጎዳል፣ ሳንባው አካባቢ ፈሳሽ እንዲጠራቀም ያደርጋል። ትንሽ ወፍ በአንድ ሁለት ቀን ውስጥ ሊሞት ይችላል። ለእኛ ጤና የሚሰጥ ፍሬ ስለሆነ ማንም አይጠረጥረውም፤ ጁስ በየቤቱ በሚጠጣበት ከተማ ደግሞ ይህን እያንዳንዱ የቤተሰብ አባል፣ ሕፃኑም ሠራተኛዋም፣ ማወቅ አለበት። ቡና፣ ሻይና ቸኮሌት የልብ ምቱን ያዛባሉ። ጠላና ጠጅ በጠብታም ቢሆን አይሰጥም። ጨው የተነሰነሰበት ፈንዲሻ፣ ወጥ የነካው እንጀራ፣ ሽንኩርትና ነጭ ሽንኩርት ያለበት ሽሮ ሁሉ ከኬጁ ይራቁ። ለውዝ በእርጥበት ከተቀመጠ የጉበት ጠር የሆነ የሻጋታ መርዝ ይይዛል፤ አዲስና ንጹሕ ካልሆነ ይቅርበት።

ጭሱም ሊታሰብበት ይገባል። የወፍ ሳንባ ከእኛ በተሻለ ብቃት አየር ይወስዳል፤ ከአየሩ ጋር ያለውን መርዝም እንዲሁ። ከሰል ሲያያዝ፣ ዕጣን ሲጨስ፣ ሽንኩርት ሲቁላላ ወፉ ወደ ሌላ ክፍል ይሂድ። የማያጣብቅ ሽፋን ያለው መጥበሻ ባዶውን እሳት ላይ ተረስቶ ከመጠን በላይ ሲግል የሚያወጣው ጋዝ ሽታ ባይኖረውም ወፍን በደቂቃዎች ውስጥ ይገድላል።

ትዕግሥት የሚጠይቀው ክፍል

ለዓመታት ሱፍ ብቻ የበላ ላቭበርድ ጎመን ሲቀርብለት ምግብ መሆኑን አያውቅም። ይሸሸዋል፤ አንዳንዱ ይጮህበታል። ብዙ ሰው እዚህ ላይ «አይወድም» ብሎ ይተወዋል። አይወድም ሳይሆን አላወቀም ነው። ላቭበርድ የመንጋ ወፍ ነው፤ ምን እንደሚበላ የሚማረው ሌላው ሲበላ እያየ ነው። ስለዚህ ፊቱ ቁሙና ጎመኑን እናንተ ብሉት። ቅጠሉን ውኃ ነክራችሁ ከኬጁ ጣሪያ ስቀሉለት፤ ለመታጠብ ሲል ይነካዋል፣ ነክቶ ይቀምሰዋል። ጠዋት፣ ገና ሳይበላ፣ መጀመሪያ አትክልቱን አቅርቡለት፤ ቆየት ብላችሁ እህሉን አምጡ። ካሮቱ አንድ ቀን ተፈቅፍቆ፣ ሌላ ቀን ተቀቅሎ፣ ሌላ ቀን በቁራጭ ይምጣ። ሳምንታት ሊፈጅ ይችላል። እህሉን ድንገት ነጥቆ በረሀብ ማስገደድ ግን ፈጽሞ አይገባም።

በዚህ ወቅት የሚያስፈልገው ዕቃ ግራም የሚቆጥር የወጥ ቤት ሚዛን ነው። በየሳምንቱ አንድ ቀን፣ ጠዋት፣ ወፉን መዝኑና ጻፉት። 50 ግራም የነበረ ወፍ 45 ከደረሰ አሥር በመቶ ከስቷል ማለት ነው፤ የምግብ ለውጡ ይቁም፣ ሐኪም ይየው። ኩሱንም ተመልከቱ፦ ጤናማው አረንጓዴ ወይም ቡናማ ክፍል፣ ነጭ ክፍልና ጥርት ያለ ፈሳሽ ሦስቱም አሉበት። ጥቁር ከሆነ፣ ያልተፈጨ እህል ከታየበት ወይም እጅግ ካነሰ ችግር አለ። እህሉን እንዲፈጭለት ተብሎ አሸዋ መስጠት አያስፈልግም፤ ላቭበርድ ዘሩን ፈልፍሎ ስለሚበላ አሸዋው ከመጥቀም ይልቅ ሆዱን ሊዘጋበት ይችላል። ውኃው በየቀኑ ይለወጥ፣ ዕቃውም ይታጠብ። ቫይታሚን ውኃ ውስጥ መጨመር የተለመደ ነው፤ ነገር ግን በብርሃን ይበላሻል፣ ጣዕሙን ለውጦም ወፉን ከመጠጣት ሊያስቀረው ይችላል። የቀረበው አትክልት ከሁለት ሦስት ሰዓት በኋላ ይነሳ።

ከሚበላው እኩል አበላሉም ይታሰብበት። በዱር ምግብ ፍለጋ የቀኑን አብዛኛውን ሰዓት ይወስዳል። ኬጅ ውስጥ ያው ሥራ በአምስት ደቂቃ ሲያልቅ የቀረው ጊዜ ባዶ ይሆናል፤ ሥራ ያጣ ላቭበርድ የገዛ ላባውን ይነጫል። የበቆሎ እሸት ከነልብሱ ስቀሉለት፣ ዳጉሳን ከነራሱ እሰሩለት፣ ፍሬውን በወረቀት ጠቅልላችሁ ደብቁለት። ሲቀድ፣ ሲጎትት፣ ሲፈለፍል ይውላል፤ ተፈጥሮው ይኸው ነው።

ከመግዛት በፊት

አንዳንድ ሰው የእኛውን ጥቁር ክንፍ ላቭበርድ አጥምዶ ማሳደግ ያምረዋል። አይሁን። ይህ ወፍ የጥዱን፣ የሾላውንና የዋርካውን ፍሬ ከነወቅቱ የሚያውቅ፣ በአሮጌ ዛፍ ፍልፍል ውስጥ የሚያድር ነው። የዱር ላቭበርድ ምግብ በኬጅ ሊተካ የማይችልበት ግልጽ ምሳሌም አለ፦ በመካከለኛውና በምዕራብ አፍሪካ ደኖች የሚኖረው አንገተ ጥቁር ላቭበርድ ያለ ደኑ የሾላ ወገን ፍሬ መኖር ስላልቻለ የቤት ወፍ ሳይሆን ቀርቷል። ወፍ ማሳደግ የሚፈልግ በሰው እጅ የተራባ ይግዛ። የእኛውን የሚወድ ደግሞ ሾላና ጥድ ይትከል፤ የቆሙትንም አይቁረጥ።

በወጉ የተመገበ ላቭበርድ ከ10 እስከ 15 ዓመት ይኖራል። ሲገዛ ሁለተኛ ክፍል የነበረች ልጅ ዩኒቨርሲቲ ስትገባ ወፉ አለ። በዚህ ሁሉ ዘመን የሚበላውን አንድም ቀን ራሱ ሄዶ አይፈልግም፤ ከቤቱ ሰው እጅ ይጠብቃል። ስለዚህ ወፍ ለመግዛት ያሰበ ቤተሰብ ከኬጁ ዋጋ በፊት በአንድ ጥያቄ ላይ ይምከር፦ በየጠዋቱ ገለባውን እፍ ብሎ፣ ጎመን ከትፎ፣ ውኃ ለውጦ የሚያቀርብለት ማን ነው? መልሱ የአንድ ሰው ስም ከሆነ ወፉን በደስታ ያምጣው። «እየተጋገዝን እንሰጠዋለን» ከሆነ ግን ያ ሰው እስኪገኝ ይቆይ።